የዞረ ኩታ

ጥር 14 ቀን 2016 ዓ.ም.
ከሰቆጣ ዙሪያ

ለልጀ ለሠርካለም ጓንጉል፣ አዲስ አበባ፤

ጤናሽን መጠየቅ ደንብ ነው፤ ጠየቅሁ። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ። የወንድምሽ ሚስት ጥሩሐረግም ደህና ናት፤ ተስፋው ትቷት እንደወጣ ቤቱን ይዛ አለች። አሁን ወደ ጥያቄሽ።

አዎ፣ ፎቶው ላይ ያለው እኔ ነኝ። ሁለት ጊዜ ለምን እንደጠየቅሽኝ አልገባኝም። የአባትሽን ፊት ከምትሠሪበት ማተሚያ ቤት አራት ሜትር አክሎ ወጥቶ ካላወቅሽው፣ በልኩ ሲሆን እንዴት ልታውቂው ነው?

ይህን የምጽፈው በራሴ እጅ ነው። ባለሱቁ ሰላሕ «አያ ጓንጉል፣ ልደውልልዎ፣ በአንድ ደቂቃ ያልቃል» ይለኛል። በአንድ ደቂቃ የሚያልቅ ነገር የለኝም። ጦርነቱ ሲመጣ መጀመሪያ የከዳን ስልክ ነው፤ ድምፁ ጠፍቶ ከርሞ ሲመለስ የማንንም ወሬ ተሸክሞ መጣ። እኔ በመሠረተ ትምህርት ዘመን ከእናትሽ ከለተጊዮርጊስ ጎን ተቀምጨ ፊደል ቆጥሬያለሁ። በአፍ መፍቻየ በኽምጣኛ ቢሆን አፌ አይያዝም ነበር፤ የተማርሁት ግን በአማርኛ ነው፣ ቢጣመምም የራሴ ነው። የሰላሕ መኪና ወደናንተ ሲሄድ ያደርስልሻል።

ፎቶውን ያነሣኝ ሰውየ የመጣው በኅዳር ነው። አንድ ካሜራ አንገቱ ላይ፣ ሌላ እጁ ላይ። የጦርነቱን ጉዳት ለአገር ላሳይ ነው አለ። ቤቴን ዞሮ አየና ፊቱን አኮሳተረ።

«አባባ፣ ቆርቆሮዎ አዲስ ነው።»

«አዎ፣ አሮጌውን መድፍ ወሰደው» አልሁት።

«አዲስ ቆርቆሮ አያሳዝንም» አለ።

እንግዲህ ቆርቆሮየ ስላላሳዘነ ተነሥተን ወደ ጎረቤቴ ወደ ወልደ ጻድቅ ፍርስራሽ ሄድን። ድንጋይ ላይ አስቀመጠኝ። ቀጥሎ ኩታየን ያዘ። ያን ቀይ ጥለት ያለውን፣ እናትሽ የፈተለችውን። «ቀለሙ ታች ሆኖ ካሜራው ውስጥ አይገባም» ብሎ አዞረና ጥለቱን ወደ አንገቴ አወጣው። ጥለት ወደ ላይ የሚወጣው መቼ እንደሆነ አንቺም ታውቂያለሽ፤ ሰው ሲሞት ነው። «ተው፣ ይህ የሐዘን ነው» አልሁት። «ለአንድ ደቂቃ ነው» አለ። እሱም አንድ ደቂቃ።

«ልጅ አለዎት?» አለኝ። አንድ ወንድ ልጅ አለኝ፣ በነሐሴ 2013 ወጥቶ ደብዛው ጠፍቷል፣ ሞተም ያለኝ የለ፣ አለም ያለኝ የለ አልሁት። «ፎቶውን ይያዙት፣ ያየው ሰው ካለ ይነግርዎታል» አለኝ። የያዝሁት ስለዚህ ነው። ያቺን ሰቆጣ ፎቶ ቤት፣ ፏፏቴ ከተሳለበት መጋረጃ ፊት የተነሣትን። ደረቴ ላይ ያዝሁት፤ ሌላ የት ልይዘው ነበር? የሟች ፎቶ ለቅሶ ሜዳ የሚወጣው እንዲያ ሆኖ እንደሆነ ትዝ ያለኝ ሰውየው ከሄደ በኋላ ነው።

ያልነገርሁሽ የሚነገር ስላልመሰለኝ ነው። አንቺ ግን ከፎቶው በታች ምን እንደተጻፈ ሳትነግሪኝ «ለምን ያዙት?» ብለሽ ትጠይቂኛለሽ። ይህን ጠርጥሬዋለሁ። ማንበብ እችላለሁ፤ ጻፊልኝ።

አባትሽ ጓንጉል


የካቲት 2 ቀን 2016 ዓ.ም.
አዲስ አበባ

ለአባየ፤

ከሰላምታ በፊት ይቅርታዬን ይቀበሉኝ። ጽሑፉን ያልነገርኩዎት ፈርቼ ነው። እንዲህ ይላል፦ «የመጨረሻ ልጁን የቀበረ አባት»።

የእኛ ማሽን ባነሩን ከላይ ጀምሮ ቀስ እያለ ነው የሚያወጣው። መጀመሪያ የወልደ ጻድቅ ፍርስራሽ ወጣ፤ ድንጋዩን አላወቅሁትም። ከዚያ ግንባርዎ። ቀጥሎ ያ ቀይ ጥለት፣ አንገትዎ ላይ። ከጥለቱ በታች የተስፋው ፎቶ። ጽሑፉ የሁሉም መጨረሻ ነው፤ እስኪደርስ ድረስ ከማሽኑ አጠገብ ቆሜ ጠበቅሁ። መርዶ በማሽን የተነገረኝ መስሎኝ ነበር። ያኔ ነው ደብዳቤ የጻፍኩልዎ።

ያዘዙትን ሰዎች አነጋግሬያቸዋለሁ። አባቴ ነው፣ ማንንም አልቀበረም አልኳቸው። አንደኛው በትሕትና ሰማኝና «እህቴ፣ ‹ልጁን የሚጠብቅ አባት› ብንለው ማን ቆሞ ያየዋል?» አለኝ። አሁን የጦርነቱ ፎቶዎች በሚታዩበት ኤግዚቢሽን አዳራሽ መግቢያ ላይ ተሰቅሏል። ሄጄ አየሁት። አንዲት ሴት ፊትዎን እያየች አለቀሰች፤ እንባዋን ጠረገችና ከጎንዎ ቆማ ፎቶ ተነሣች።

ስለ ጥሩሐረግ ይጻፉልኝ። ምን ትላለች? ማንስ ይጠይቃታል? ጉልበትዎን ብርድ አያስመቱ።

ልጅዎ ሠርካለም


የካቲት 21 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለልጀ ለሠርካለም፤

«የመጨረሻ ልጁን» ይላል? እንግዲያው አንቺ ምኔ ልትሆኚ ነው? አንዱን ሳልቀብር ሁለታችሁንም ቀበሩብኝ።

ጥሩሐረግን ማን ይጠይቃታል ላልሽው፣ ጠያቂ ሞልቷል። ፎቶው ወላጆቿ አገር ኒሯቅ በስልክ ደርሶ ኖሮ ባለፈው ሳምንት ከዚያ ዘጠኝ ሰው መጣ። አጥሩ ሥር ሲደርሱ ጮኹ። እሷ ምስር እየለቀመች ነበር፤ ሰፌዱ ከጭኗ ወደቀ። ወጥቸ ወንድሟን የሻምበልን በር ላይ ያዝሁት።

«ማን ሞቶ ነው የምታለቅሱት?»

«አያ ጓንጉል፣ እርስዎው አይደሉም ያረዱን?» ብሎ ስልኩን አፍንጫየ ላይ ደገነው።

«እኔ አላለቀስሁም።»

«ጥለቱ ያለቅሳል።»

«ጥለቱን ያዞረው ሌላ ሰው ነው።»

«እርስዎ? ሌላ ሰው ኩታዎን ሲያዞር ዝም ብለው ተቀመጡ?»

ልጀ፣ ሰባ ሁለት ዓመት ኖሬ እንዲህ የተጠየቅሁበትን ቀን እቆጥራለሁ፤ ይህ ሦስተኛው ነው።

አብልቸ ሸኘኋቸው። የሻምበል ግን እግሩን ከመወጣጫው ላይ አድርጎ፦ «እህታችን ሃያ አራት ዓመቷ ነው። ሞቶ ከሆነ ተዝካሩን ያውጡና እንውሰዳት፣ ትዳር ትያዝ። ካልሞተ ያምጡት። እስከ ሰኔ ሚካኤል እንጠብቃለን» አለኝ። ይህን የሚለው ለእህቱ አስቦ ይሁን የሚሰጣት ሰው አዘጋጅቶ፣ አላወቅሁም። ዓይኑን አልወደድሁትም።

ወልደ ጻድቅም ተቀይሞኛል። «ቤቱ የኔ፣ ፊቱ ያንተ» ይላል። ፍርስራሹ አዲስ አበባ ሄዶ እሱ እዚህ መቅረቱ አንገብግቦታል።

ፎቶውን በሰላሕ ልጅ በሙና ስልክ ላይ አይቸዋለሁ። እውነቱን ልንገርሽ? ለሰውየው አዘንሁለት። ልጅ የሞተበት ሽማግሌ ነው። እኔ ራሴ፣ ያልሞተብኝ፣ አምኘው ከንፈሬን መጠጥሁለት። ሙና «አባባ፣ እርስዎ አይደሉም እንዴ?» ስትለኝ ነው የነቃሁት። እኔን ካሳመነኝ ኒሯቅን ምን ብየ ልመልሰው?

አሁን ደግሞ እኔ ልጠይቅሽ። ድሮ የምትጽፊው ደብዳቤ ሁሉ «ተስፋው ሲመጣ» የሚል ነበረበት። ተስፋው ሲመጣ ይህን ንገሩት፣ ተስፋው ሲመጣ ያን አስቀምጡለት። በዚህኛው የለም። ገልብጨ ጀርባውን ሁሉ አየሁት፤ የለም።

አባትሽ ጓንጉል


መጋቢት 17 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለልጀ ለሠርካለም፤

የላክሽው ፖስታ ደረሰኝ። መልሸ በሰላሕ እጅ ልኬልሻለሁ፤ አልከፈትሁትም።

ላዩ ላይ «ብቻዎን ሆነው ይክፈቱት» ብለሽ ጽፈሻል። ወረቀት ሲታጠፍ ይለዝባል፤ የፖስታሽ ውስጥ ግን አይታጠፍም። በጣቴ ዳሰስሁት፣ ፎቶ ነው። ከአሁን በኋላ ፎቶ ቤቴ አይገባም። የኔ ፎቶ ከኔ ወጥቶ ያላልሁትን ሲናገር አይቻለሁ፤ ያንቺኛው ደግሞ የማን እንደሆነ፣ ከየት ተቆርጦ እንደወጣ፣ ማን ምን እንደጻፈበት በምን አውቃለሁ? አንቺ ራስሽ የምትሠሪው ሰማዩን ሰማያዊ፣ ሰውን ቀይ የሚያደርግ ማሽን ላይ ነው። ልጀ ስለሆንሽ ላምንሽ እችላለሁ፤ ማሽኑ ግን ልጀ አይደለም።

መርዶ እንዴት እንደሚነገር ረስተሽ እንደሆነ ላስታውስሽ። ሰው ይመጣል። ጎህ ሲቀድ፣ ሽማግሌ አስቀድሞ፣ ከበር ላይ ቆሞ ስም ይጠራል። እግሩ አቧራ ለብሶ ታያለሽ። ዓይኑን ታያለሽ። ይዋሽ አይዋሽ ታውቂያለሽ። የት፣ መቼ፣ ማን አፈር አለበሰው ብለሽ ትጠይቂያለሽ፣ ይመልሳል። ፎቶ ሲጠየቅ አይመልስም።

ስለዚህ የምታውቂው ነገር ካለ አትጻፊው፣ አትላኪውም። ያየ ሰው ካለ ሰውየውን አምጭልኝ። ከሌለ ዝም በይ፣ እኔም ልጀን ልጠብቅበት።

ፖስታውን ለሰላሕ ስመልስ ጥሩሐረግ ከደጃፉ ቆማ ታይ ነበር።

«አባ፣ ምን ነበረበት?» አለችኝ።

«አላወቅሁም።»

«ላለማወቅ ነው የመለሱት።»

በኽምጣኛ ነው የተናገረችው፤ በአማርኛ ስጽፈው ይለዝባል። ከዚያ ወዲህ ስታቀርብልኝ «ይብሉ» ብቻ ነው ቃሏ።

አባትሽ ጓንጉል


ሚያዝያ 8 ቀን 2016 ዓ.ም.
አዲስ አበባ

ለአባየ፤

በጾሙ እንዴት ከረሙ? ፖስታው ተመልሶ ደርሶኛል። አልተቀየምኩም።

ስለ ደብዳቤዬ የጠረጠሩት ልክ ነው። የካቲት ላይ ስጽፍልዎ ያልነገርኩዎት ነገር ነበር። ከዚያ ሁለት ቀን ቀደም ብሎ አንድ ሰው ማተሚያ ቤቱ ድረስ መጥቶ ነበር፤ በክራንች ነው የሚሄደው። ኤግዚቢሽኑ ውስጥ ገብቶ ከባነሩ ፊት ቆሟል። ሌላው ሰው ሁሉ የእርስዎን ፊት ያያል፤ እሱ ያየው ደረትዎ ላይ ያለችውን ትንሽ ፎቶ ነው። ልጁን አወቀው። ባነሩ ጠርዝ ላይ ያለውን የማተሚያ ቤታችንን ስም አንብቦ መጣ። ካሳ እባላለሁ አለኝ።

የነገረኝን አልጽፍም፤ ከልክለውኛል። ያሳየኝን ፎቶ ከስልኩ ወስጄ፣ አትሜ ላክሁልዎ፤ መለሱት። አባየ፣ እኔም እንደ እርስዎ ነኝ። የእርስዎ ፎቶ ምን እንደተደረገ በእጄ አትሜ አይቻለሁና የሱንም ስልክ አላመንኩትም። ፊቴን አጨልሜበት መለስኩት፣ ሄደ። አድራሻውንም አልጠየቅሁም። ጥፋቴ ይህ ነው። አሁን እየፈለግሁት ነው፤ ኮምቦልቻ ዘመድ አለኝ ብሎኝ ነበር።

እስካገኘው ድረስ ጥሩሐረግን አደራ።

ልጅዎ ሠርካለም


ግንቦት 19 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለልጀ ለሠርካለም፤

አዎ፣ ጥሩሐረግ እዚሁ ናት፤ አልሄደችም። ሄደች ብሎ የነገረሽ ሰው ማን እንደሆነ ብታሳውቂኝ ደስ ይለኛል። የሻምበል ግን ለፋሲካ በቅሎ ይዞ መጥቶ ነበር፣ ባዶ ኮርቻ። እህቱን ለብቻዋ አነጋገራት። ከአጥሩ ወዲህ ሆኘ ሰማሁ፤ መስማቴን አልደብቅም።

«ነይ ውጭ፣ ሽማግሌው እያታለለሽ ነው» አላት።

«እሱም ተታሎ ይሆናል» አለችው።

«እስከ መቼ?»

«ሞቶ ከሆነ አልቅሸ ልውጣ። ካለ ልጠብቀው። ከሁለቱ መካከል ግን ቤት አይሠራም፣ እኔም አውቀዋለሁ። ቁርጡን ሳልሰማ ኮርቻ ላይ አልወጣም።»

በቅሎዋ ባዶዋን ተመለሰች።

ይህን ከሰማሁ ወዲህ ራሴንም መጠርጠር ጀምሬያለሁ። ሰውን ሁሉ ስጠረጥር እኔን የሚጠረጥረኝ አልነበረም። እናትሽ ከሞተች ወዲህ በዚህ ቤት «ደክሞዎታል» የምትለኝ ይህች ልጅ ብቻ ናት። ተስፋው ሞቷል ከተባለ እሷ ትወጣለች። «ያየ ሰው አምጡልኝ» ስል የምጠብቀው ልጀን ነው ብየ ነበር። እሷንም ይዣት ኖሯል፣ በጥርጣሬየ አጥር። ፎቶ አንሺው እኔን አንድ ደቂቃ ብሎ አዞረኝ፤ እኔ እሷን ስንት ወር እንደያዝሁ ቁጠሪው።

ካሳን ፈልጊው። ክራንች ያለው ሰው ቶሎ አይርቅም።

አባትሽ ጓንጉል


ሰኔ 3 ቀን 2016 ዓ.ም.
ኮምቦልቻ

ለአባየ፤

መንገዱ ተከፍቷል ብለውናል። የሚካኤል በነገታው፣ ጎህ ሲቀድ እንደርሳለን። ሰላሕ ከሰቆጣ መኪና ያዘጋጅልናል፤ ሁለት ሽማግሌም ይጨምርልናል። ካሳ አብሮኝ አለ።

ሌላ አልጽፍም።

ልጅዎ ሠርካለም


ሰኔ 8 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለልጀ ለሠርካለም፤

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። ይህኛውን ሰላሕ ሰቆጣ ላይ ይሰጥሻል።

ለደስታ የሚመጣ ሰው ፀሐይ ሞቆ፣ በቅሎውን አጠጥቶ፣ ለምሳ ይደርሳል። ጎህ ሲቀድ ሽማግሌ አስቀድሞ የሚመጣ ምን እንደሚይዝ አልነግርሽም፤ እኔም በስንቱ ሰው ደጅ ቆሜያለሁ። ግን አንቺ አልነገርሽኝም፣ እኔም አልሰማሁም። ደንቡን ጠብቀሽልኛል።

ጥሩሐረግ «ምን ትላለች?» አለችኝ።

«ልትመጣ ነው።»

«መቼ?»

«የሚካኤል በነገታው።»

«ስንት ሰዓት?»

ደብዳቤሽን አጠፍሁት። እየፈተለች ነበር፤ እንዝርቱን አስቀመጠችው። ውኃ ልቀዳ ብላ ወጣች፤ እንስራው ግን ሙሉ ነበር።

ወደ የሻምበል ሰው ልኬያለሁ፤ ያን ዕለት ከእህቱ ጎን ይቁም። ከዚያ በኋላ እሄዳለሁ ካለች በራሴ በቅሎ ጭኘ እሸኛታለሁ። እቀመጣለሁ ካለችም ቤቷ ነው። ይህን ለእሷም ነግሬያታለሁ። «ይብሉ፣ ደክሞዎታል» አለችኝ።

ካሳን ስትመጡ ከፊት አስቀድሚው፤ በእግሩ ምክንያት ወደ ኋላ እንዳይቀር። የምጠይቀው አለኝ፤ እጁንም ማየት እፈልጋለሁ። ስልኩ ከኪሱ አይውጣ። ያ ፎቶ አንሺ «ያየው ሰው ካለ ይነግርዎታል» ብሎኝ ነበር፤ ከዋሸው ሁሉ ይህችን ብቻ አልዋሸም፣ እሱም ሳያውቀው።

ወልደ ጻድቅ ፍርስራሹን ጠርጎ ድንጋዩን እየደረደረልን ነው። ለሚመጣው ሰው መቀመጫ ይሆናል ይላል። ኩርፊያው ወጥቶለታል።

ኩታየን ጥሩሐረግ አጥባልኛለች። ለብሸው በሩ ላይ እጠብቃችኋለሁ፣ ጥለቱ ወደ ታች ነው። ካሳ ተናግሮ እስኪጨርስ ወደ ታች ይቆያል። ከዚያ ማንም እንዳይነካኝ፤ አንቺም፣ ሽማግሌዎቹም። እኔው አዞረዋለሁ።

አባትሽ ጓንጉል